ይግባኙ «ሙት» ሲባል

የአንባቢያን ጥያቄና የጠበቃ መልስ

ጥያቄ

ጤና ይስጥልኝ ጋሼ፤

ዓምድዎን ለዓመታት አንብቤያለሁ፤ ዛሬ ጉዳዩ የራሴ ሆነና ልጽፍልዎ ተነሳሁ። ሲልቨር ስፕሪንግ ውስጥ እንጀራ እየጋገርኩ ለሐበሻ ሱቆች አስረክባለሁ። ሥራውን የጀመርነው ከአንዲት ጓደኛዬ ጋር ነበር፤ ከአራት ዓመት በኋላ ተለያየን። እንጀራው የሚሸጠው በእናቴ ስም ነው። ጓደኛዬ ግን ስሙ የእርሷ የንግድ ምልክት ነው ብላ ባለፈው ዓመት ግሪንቤልት በሚገኘው የፌደራል ፍርድ ቤት ከሰሰችኝ። ዳኛው የሁለታችንን ጠበቆች አንድ ከሰዓት በኋላ አዳምጠው፣ ክርክሩ እስኪያልቅ ድረስ በስሙ እንዳልጠቀም ጊዜያዊ እግድ ሰጡ። እርሷም ለእግዱ 10,000 ዶላር ዋስትና አስያዘች። ስሙ የታተመባቸው 3,000 ከረጢቶች እስከ ዛሬ ምድር ቤት ውስጥ ተደርድረው አሉ። አምስት ወር ሙሉ እንጀራዬን ያለ ስም ሸጥኩ፤ ከስድስቱ ሱቆች ሁለቱ ተውኝ።

በእግዱ ላይ ይግባኝ አልኩ። ጠበቃዬ ረጅም ጽሑፍ አዘጋጅቶ ሪችመንድ ላለው ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት አስገባ። ቀጠሮ ስጠብቅ ከሳሼ በድንገት ክሷን አነሳች። ለምን እንዳነሳች አንድ መስመር እንኳን አልጻፈችም። ከዚያ ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት «ይግባኙ የማይዘጋበት ምክንያት ካለ አስረዱ» የሚል ደብዳቤ ላከ። ጠበቃዬ «ይግባኙ ሙት ሆኗል» አለኝ፤ እኔም ሞተ ያለኝ መስሎኝ ደነገጥኩ። የእርሷ ጠበቃ ደግሞ «ይግባኙን በስምምነት እንዝጋው፤ እያንዳንዱ ወገን የራሱን ወጪ ይቻል» የሚል አንድ ገጽ ወረቀት ልኮ ፈርሚ እያለኝ ነው። የንግዴን ስም ኢንተርኔት ላይ የሚፈልግ ሰው በመጀመሪያ የሚያገኘው የዳኛውን ትእዛዝ ነው። ልጄ አንብባው አለቀሰች። አሸንፌ ነው ወይስ ተሸንፌ? ይግባኙስ ለምን አይቀጥልም? ወረቀቱን ልፈርም?

እንጀራ ጋጋሪዋ፣ ከሲልቨር ስፕሪንግ

መልስ

እህቴ፣ ፍርድ ቤቱ ቀን ቆርጦ ስለሰጠዎ ከመጨረሻው ጥያቄዎ ልጀምር። ወረቀቱን አይፈርሙ። ይህን መልስ አንብበው ከጠበቃዎ ጋር ቁጭ ብለው እስኪነጋገሩ ድረስ እስክሪብቶ አያንሱ። የላኩልኝን የመዝገብ ቅጂ ሁለት ጊዜ አነበብኩት። ከዚህ ጉዳይ ከሚያገኙት ነገር አብዛኛው በዚያ አንድ ገጽ ላይ የተንጠለጠለ ነው።

ጠበቃዎ የተናገረው ቃል እንግሊዝኛ (moot) ነው፤ እርስዎ የሰሙት በአማርኛ ጆሮ ነው። በሁለቱ ቃላት መካከል የዘር ግንኙነት የለም። ነገር ግን የተረዱት ከእውነቱ የራቀ አይደለም። በአሜሪካ ሕግ አንድ ክርክር «ሙት» ነው የሚባለው፣ ዳኛው ለማንም ቢፈርድ በሁለቱ ተከራካሪዎች መካከል የሚለወጥ ነገር ሳይኖር ሲቀር ነው።

የእርስዎን ይግባኝ በዚህ ዓይን ይመልከቱት። እግዱ የተሰጠው «ክርክሩ እስኪያልቅ» ነበር። ከሳሽዎ ክሷን ስታነሳ ክርክሩ አለቀ፤ እግዱም ያን ዕለት አብሮት ወደቀ። ጠበቃዎ መዝገቡን አይቶ ያረጋግጥልዎ እንጂ፣ ከረጢቶቹን ከምድር ቤት ለማውጣት የሪችመንድን ውሳኔ መጠበቅ የለብዎትም። ታዲያ ዳኞቹ ነገ ተሰይመው «እግዱ ስህተት ነበር» ቢሉ የሚያነሱት እግድ ከየት ያመጣሉ? የአሜሪካ ሕገ መንግሥት 3ኛው አንቀጽ ለፌደራል ዳኞች የሰጣቸው ሥልጣን በሕይወት ያለን ክርክር መወሰን ብቻ ነው። ያለቀን ነገር አንስቶ ማን ትክክል እንደነበር መናገር ምክር መስጠት ይሆንባቸዋል፤ ምክር የመስጠት ሥልጣን ደግሞ የላቸውም።

ይህ መልስ እንደማያጽናናዎ አውቃለሁ። ወደዚህ አገር ከመምጣቴ በፊት አዲስ አበባ፣ ልደታ፣ ጠበቃ ነበርኩ። በእኛ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 320 መሠረት በክርክር መሀል በሚሰጥ ትእዛዝ ላይ ለብቻው ይግባኝ ማለት በአብዛኛው አይቻልም። ንብረት ከአንዱ እጅ ወደ ሌላው እንዲተላለፍ የሚያዝ ትእዛዝ ግን ይግባኝ ይባልበታል። አንድ ሽማግሌ ደንበኛዬ የሱቃቸውን ቁልፍ ለከሳሹ እንዲያስረክቡ ታዝዘው በዚህ መንገድ ይግባኝ አልን። ይግባኙ ሳይሰማ ከሳሹ ክሱን ተወ፤ ቁልፉም ተመለሰ። በቀጠሮው ቀን ዳኛው ሁለት ደቂቃ በማይሞላ ጊዜ «መዝገቡ ተዘግቷል፤ ወደ መዝገብ ቤት ይመለስ» ብለው አነበቡ። ሽማግሌው ባርኔጣቸውን በሁለት እጃቸው ይዘው ከቆሙበት አልተነቃነቁም። «ቁልፌንስ አገኘሁ፤ ቃሌን ግን ማን ሰማኝ?» አሉኝ። ያን ጊዜ የምሰጣቸው መልስ አልነበረኝም። ዛሬ ለእርስዎ የምሰጠው መልስ አለኝ፤ ምክንያቱም እዚህ አገር ይግባኙ ሲሞት የሥር ፍርድ ቤቱን ትእዛዝ ይዞት እንዲሄድ መጠየቅ ይቻላል።

የእርስዎን የሚመስል ጉዳይ በቅርቡ እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሷል። ዲቦራ ላውፈር የተባሉ በተሽከርካሪ ወንበር የሚንቀሳቀሱ የፍሎሪዳ ነዋሪ፣ ድረ ገጻቸው ላይ ለአካል ጉዳተኞች የሚያስፈልገውን መረጃ አላሰፈሩም በሚል ከ600 በላይ ሆቴሎችን ከሰው ነበር። ከተከሳሾቹ አንዱ በሜይን ግዛት ያለው አቺሰን ሆቴልስ ነው። ሆቴሉ «ሴትየዋ እኛ ዘንድ ሊያድሩ አስበው አያውቁም፤ የመክሰስ መብት የላቸውም» ብሎ ተከራከረ፤ ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ግን ለእርሳቸው ፈረደ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ጉዳዩን ከተቀበለ በኋላ፣ እዚሁ ሜሪላንድ ያለ የፌደራል ፍርድ ቤት ከእነዚህ ክሶች ጋር በተያያዘ ከጠበቆቻቸው አንዱን ከሥራ አገደ። ላውፈርም ክሳቸውን አነሱ። ሆቴሉ «ክሱን ያነሱት ሊሸነፉ መሆኑን አይተው ነው፤ ይወሰንልን» አለ። ፍርድ ቤቱ ታኅሣሥ 2023 ላይ ክርክሩ ሙት ሆኗል ብሎ ዘጋው። ሲዘጋው ግን በሆቴሉ ላይ ተሰጥቶ የነበረውን የይግባኝ ፍርድም አብሮ ሰረዘው። እህቴ፣ እዚህ ላይ ቆም ይበሉ። ሆቴሉ ከሥር ተሸንፎ ነበር፤ ከሳሿ ትታው ሄደች፤ ሽንፈቱ ግን መዝገብ ላይ ጸንቶ አልቀረም። እርስዎም መጠየቅ ያለብዎት ይህንኑ ነው።

የዚህ ሥርዓት ስም ከአንድ የውስጥ ልብስ አምራች ኩባንያ የመጣ ነው። ጠበቃዎን «መንሲንግዌር» ቢሉት ወዲያው ይገባዋል። ኩባንያው በጦርነቱ ዘመን ከተወሰነው ዋጋ በላይ ሸጧል ተብሎ በመንግሥት ተከሶ በሥር ፍርድ ቤት ረታ። መንግሥት ይግባኝ አለ። ይግባኙ እየታየ ሳለ የዋጋ ቁጥጥሩ ከዕቃው ላይ ተነሳና ይግባኙ ሙት ሆኖ ተዘጋ። መንግሥት እጁን አጣጥፎ ወጣ፤ የተሸነፈበት ፍርድ እንዲሰረዝለት አልጠየቀም። ከዚያ በዚያው ነገር የካሳ ጥያቄውን ሊቀጥል ሲል ኩባንያው ያንን ፍርድ አንስቶ «ይህ ነገር አንዴ ተፈርዷል» አለው። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1950 ዓ.ም. በአውሮፓውያን አቆጣጠር ለኩባንያው ፈረደ። መንግሥት ፍርዱ እንዲሰረዝለት መጠየቅ ሲችል በመብቱ ላይ ተኝቷል አለ። የአሜሪካ መንግሥት የሚያህል ተከራካሪ፣ ያን ሁሉ ጠበቃ ይዞ፣ አንዲት ማመልከቻ ባለማስገባቱ የወደቀበት ጉድጓድ ነው። እርስዎ ላይ የተሰጠው የመጨረሻ ፍርድ ሳይሆን ጊዜያዊ እግድ ስለሆነ ያን ያህል አያስርዎትም። ጊዜያዊ እግድ የነገሩን መቋጫ አይወስንምና። ሆኖም ልጅዎን ያስለቀሳት ጽሑፍ ማንም ሳይነካው በሙሉ ክብሩ እንዲቀመጥ የሚያደርግ ምክንያት የለም።

አሁን ወደ ወረቀቱ ልመለስ። ትእዛዙ ይሰረዝልኝ የሚል ተከራካሪ በመጀመሪያ የሚጠየቀው «ይግባኙን የገደለው ማነው?» የሚለውን ነው። በሥር ፍርድ ቤት የረታው ወገን ራሱ ነገሩን ትቶ ከሄደ፣ የተሸነፈው ሳይሰማ ስለቀረ ማሰረዙ ይገባዋል። በ1994 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ከባንኮርፕ ጋር በተያያዘ አንድ መዝገብ የተናገረው ደግሞ የዚህን ሌላ ገጽ ነው፤ የተሸነፈው ወገን ራሱ ተስማምቶ ነገሩን ከቋጨ፣ ልዩ ምክንያት ከሌለ በቀር፣ የመሰረዝ መብቱን በፈቃዱ ትቶታል። ዛሬ ባለው መዝገብ ይግባኙን የገደለችው ከሳሽዎ ብቻ ናት። ያንን ወረቀት በፈረሙ ደቂቃ ግን ገዳዮቹ ሁለት ይሆናሉ። የእርሷ ጠበቃ ክፉ ሰው ነው አልልም፤ ለደንበኛው የሚጠቅመውን እያደረገ ነው። እርስዎ ግን የእርሱ ደንበኛ አይደሉም።

«እያንዳንዱ ወገን የራሱን ወጪ ይቻል» የምትለዋ ሐረግም ብትሆን እንደምትመስለው ለስላሳ አይደለችም። ያስያዘችው 10,000 ዶላር አለ። የእግድ ዋስትና የሚያዘው እግዱ ያለ አግባብ የተሰጠ ሆኖ ከተገኘ የታገደው ሰው ከዚያ ላይ እንዲካስ ነው። ይግባኙ ሲሞት ይህ ጥያቄ አብሮ አይሞትም። በ1981 የተወሰነ አንድ የቴክሳስ ጉዳይ አለ። መስማት የተሳነው የድኅረ ምረቃ ተማሪ ዩኒቨርሲቲው የምልክት ቋንቋ አስተርጓሚ እንዲቀጥርለት በጊዜያዊ እግድ አስወሰነ። ዩኒቨርሲቲው እየከፈለ ይግባኝ ሲል ተማሪው ትምህርቱን ጨርሶ ተመረቀ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የእግዱ ትክክለኛነት ሙት ሆኗል፤ የአስተርጓሚውን ገንዘብ በመጨረሻ ማን ይቻል የሚለው ግን በሕይወት አለ ብሎ ነገሩን ወደ ሥር መለሰው። ስለዚህ የከረጢቶቹን ደረሰኝ፣ የሁለቱን ሱቆች የቀድሞ ትእዛዝ፣ ያለ ስም የሸጡባቸውን አምስት ወራት ሒሳብ ዛሬውኑ አንድ ላይ ያሰባስቡ። ግሪንቤልት ላለው ፍርድ ቤት ዋስትናው እንዳይለቀቅ በፍጥነት ማመልከት ያስፈልጋል። ነገር ግን እውነቱን ልንገርዎ፤ ከሳሽ ክሷን መተዋ ብቻውን እግዱ ስህተት ነበር ማለት አይደለም፣ ዳኛው ማመን ይኖርባቸዋል። ኪሳራዎ ከዋስትናው ቢበልጥም፣ በአብዛኛው ከዚያ በላይ አያገኙም።

ተመልሳ ትከሰኛለች ወይ ብለው አልጠየቁኝም፤ እኔ ግን እጠይቅልዎታለሁ። መዝገቡን እንዳየሁት ጠበቃዎ ለክሱ መልስ አላስገባም ነበር፤ ክርክሩ ሁሉ በእግዱ ላይ ነበር። በፌደራል ሥነ ሥርዓት ደንብ ቁጥር 41 መሠረት ተከሳሽ መልስ ሳይሰጥ ከሳሽ የዳኛ ፈቃድ ሳያስፈልጋት በአንድ ገጽ ማስታወቂያ ክሷን ማንሳት ትችላለች። እንዲህ ያነሳች ከሳሽ ተመልሳ መክሰስም ትችላለች። በእኛ አገር ሕግ ቁጥር 278 እና 279 ላይ ካለው ይህ ይለያል፤ እዚያ በፍርድ ቤቱ ፈቃድ ዳግም የመክሰስ መብቱን ሳያስከብር ክሱን የተወ ሰው በዚያው ነገር መመለስ አይችልም። እዚህ የመጀመሪያውን ጊዜ ሕጉ ይታገሳል። በሁለተኛው ግን፣ ያንኑ ክስ አቅርባ እንደገና በማስታወቂያ ብታነሳ፣ እንደተፈረደባት ይቆጠራል። ዳግም ከከሰሰችም ፍርድ ቤቱ የፊተኛውን ክርክር ወጪ አስቀድማ እንድትከፍል ሊያዝዛት ይችላል።

ከዚህ ፍርሃት የሚገላግል ሰነድ አለ። ናይኪ በ2009 አንድ አነስተኛ የጫማ ኩባንያን «ኤር ፎርስ 1» የተባለውን ጫማዬን አስመስሏል ብሎ ከሰሰ። ኩባንያው መልሶ የናይኪ ምልክት ይሰረዝ የሚል የራሱን ክስ አቀረበ። ናይኪ ይህን ሲያይ ክሱን አነሳና፣ ኩባንያውን አሁን ባሉትም ሆነ በሚመሳሰሉ ወደፊት በሚወጡ ጫማዎች ፈጽሞ እንደማይከስ የማይሻር የጽሑፍ ቃል ሰጠ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2013 መጀመሪያ ላይ ቃሉ ይህን ያህል ሰፊ ስለሆነ የኩባንያው ክስም ሙት ሆኗል አለ። ጠበቃዎ ለእርሷ ጠበቃ የሚጽፈው መልስ እንዲህ ይሁን፤ «የእናቴን ስም በእንጀራ፣ በዳቦ፣ በበርበሬ፣ በሽሮ ላይ ብጠቀምበት ዳግም እንደማትከሽኝ፣ ስሙን ለሌላ ብትሸጪውም የገዛው ሰው ለዚህ ቃል እንዲገደድ፣ የማይሻር ቃል በጽሑፍ ስጪኝ።» በርበሬውንና ሽሮውን ያስገባሁት እርስዎ ነገ ሥራውን ማስፋትዎ ስለማይቀር ነው። ይህን ቃል ከሰጠች መልካም። በምትኩ የመሰረዝ ጥያቄዎንና ዋስትናውን ተዪ ካለችዎ ግን ስጦታ መሆኑ ቀርቶ ስምምነት ይሆናል፤ ከላይ ያልኩት ነገር ይመጣብዎታል። የትኛው እንደሚበልጥብዎ የሚመዝኑት እርስዎ ነዎት። ቃሏን ካልሰጠችና ስሙ የእኔ ነው ማለቷን ከቀጠለች፣ እርስዎ ራስዎ ከሳሽ ሆነው ስሙን የመጠቀም መብትዎ እንዲታወጅ መጠየቅ ይችሉ ይሆናል፤ ይህን ከጠበቃዎ ጋር በሰፊው ይነጋገሩበት።

አንዳንድ አንባቢ «ዮናስ ፍቅሬስ አላሸነፈም ወይ?» ይለኝ ይሆናል። ስሙ ለጆሯችን ቅርብ ስለሆነ ጉዳዩ በየቡና ቤቱ ሲወራ ሰምቻለሁ። ዮናስ አውሮፕላን እንዳይሳፈር በሚከለክለው የመንግሥት ዝርዝር ውስጥ በመግባቱ ከሰሰ፤ መንግሥት በ2016 ስሙን አወጣና «ጉዳዩ ሙት ሆኗል» አለ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ መጋቢት 2024 ላይ በሙሉ ድምፅ አይሆንም አለ። ነገር ግን እዚያ ያቆመው ተከሳሹ ነው። ተከሳሽ ክስ ሲመጣበት ድርጊቱን አቁሞ፣ መዝገቡ ሲዘጋ እንዳይመለስበት ፍርድ ቤቶች ይጠራጠራሉ፤ እንደማይመለስበት የማሳየት ሸክሙንም በእርሱ ላይ ይጥላሉ። የእርስዎን ይግባኝ የዘጋችው ከሳሿ ናት። ይህ ልዩነት የዮናስን መንገድ ለእርስዎ ያጠብበታል።

የጠበቃ ክፍያን በተመለከተ ብዙ ተስፋ ባልሰጥዎ ይሻላል። እኛ አገር የተረታ ወጪና ኪሳራ ይከፍላል፤ እዚህ መነሻው ሁሉም የራሱን ጠበቃ ይከፍላል የሚል ነው። የንግድ ምልክት ሕጉ ለየት ያሉ ጉዳዮችን ከዚህ ያወጣል፤ የእርስዎ ጉዳይ ያን ያህል ለየት ያለ ስለመሆኑ እጠራጠራለሁ።

ኢንተርኔቱንም በሐቅ ልንገርዎ። ትእዛዙ ቢሰረዝም ጽሑፉ ከዓለም አይጠፋም። በሕግ መዝገቦች ላይ ግን «ተሰርዟል» የሚል ምልክት ይለጠፍበታል፤ በእርስዎ ላይ የሚጠቅሰው ጠበቃም ያንን ምልክት ሳይጠቅስ ማለፍ አይችልም። ለልጅዎም የሚያሳዩት ወረቀት ይኖራል።

ስለዚህ ጠበቃዎ ለሪችመንድ በሚልከው መልስ ይግባኙ ሙት አይደለም ብሎ ጉልበቱን አይጨርስ። እግዱ መውደቁን ይመን፤ ነገር ግን የወደቀው ይግባኝ ባይ በሠሩት ሳይሆን መልስ ሰጭዋ በገዛ ፈቃዷ ክሷን በማንሳቷ መሆኑን በቀን ጠቅሶ ይጻፍ። ስለዚህም ይግባኙ ሲዘጋ የሥር ፍርድ ቤቱ የእግድ ትእዛዝ እንዲሰረዝ፣ መዝገቡም የዋስትናው ጥያቄ እንዲታይ ወደ ግሪንቤልት እንዲመለስ ይጠይቅ። ሁለት ገጽ ይበቃል። በደብዳቤው ላይ ከተጻፈው ቀን አንድ ቀን አይለፍ።

ጥያቄ

ወንድሜ ጥገኝነት ጠይቆ ጉዳዩ ቨርጂኒያ ባለው የኢሚግሬሽን ፍርድ ቤት እየታየ ነው። አሁን የመንግሥት ጠበቃ «ክሱን ማንሳት እፈልጋለሁ» ብሎ አመለከተ። ቤተሰቡ በሙሉ እልል አለ። እናታችንም ከጎንደር ደውላ ስለት አግብታለች። ክሱ ከተነሳ አለቀ ማለት ነው?

እህት፣ ከአሌክሳንድሪያ

መልስ

እህቴ፣ እናታችሁን ሳላስደነግጥ ለእናንተ ግን በግልጽ ልናገር። ወንድምዎ ጥገኝነቱን የጠየቀው ከአገር የማስወጣት ክሱ ከቀረበበት በኋላ፣ በዚያው መዝገብ ውስጥ ከሆነ፣ የጥገኝነት ጥያቄው ያለው በክሱ ሆድ ውስጥ ነው። ክሱ ሲዘጋ ጥያቄውም ሳይሰማ አብሮ ይዘጋል። የሥራ ፈቃዱም በዚያ ማመልከቻ ላይ የቆመ ከሆነ መሠረቱ ይናጋል። ከላይ ያለችው እህታችን ክሱ ስለተነሳ ከእግድ ወጣች፤ ወንድምዎ ግን ከጥበቃ ሊወጣ ይችላል።

ለአንዳንድ ሰው ክሱ መነሳቱ በእርግጥ ይጠቅማል፤ ለምሳሌ በሌላ መንገድ፣ በትዳር ወይም በቤተሰብ፣ መኖሪያ ፈቃድ ሊያገኝ ለደረሰ። ነገር ግን ከግንቦት 2025 ጀምሮ በልዩ ልዩ ከተሞች የሆነውን አይተናል። የመንግሥት ጠበቃ ክሱ እንዲዘጋ ይጠይቃል፤ ሰውየው ደስ ብሎት ከችሎት ሲወጣ ኮሪደሩ ላይ ይያዛል፤ ከዚያም ዳኛ ፊት ሳይቀርብ በፈጣኑ መንገድ ሊያስወጡት ይሞክራሉ። በተለይ ወደ አገሪቱ ከገባ ሁለት ዓመት ያልሞላው ሰው ይጠንቀቅ።

ወንድምዎ ማመልከቻውን የመቃወም መብት አለው። «ክሱ እንዳይዘጋ እቃወማለሁ፤ የጥገኝነት ጥያቄዬ በዚህ ችሎት ይሰማልኝ» ብሎ በጽሑፍ ያስገባ፤ በቀጠሮውም ቀን በአስተርጓሚ በኩል ይህንኑ ደግሞ ይናገር፣ ቃሉ በመዝገብ ይያዝለት። ዳኛው ተቃውሞውን ሳይቀበሉ ክሱን ቢዘጉት «ይግባኝ ትላለህ ወይስ ትተዋለህ?» ተብሎ ሲጠየቅ «መብቴን አስጠብቃለሁ» ይበል። ወደ ቀጠሮው ብቻውን አይሂድ፤ ጠበቃ ከሌለው ይህን ማመልከቻ ይዞ ነጻ የሕግ አገልግሎት ወደሚሰጥ ድርጅት በዚህ ሳምንት ይሂድ። መቅረትን ግን በፍጹም አያስብ። የቀረ ሰው በሌለበት እንዲወጣ ይወሰንበታል፤ ያን ጊዜ የምንከራከረው ስለ ጥገኝነቱ ሳይሆን ለምን እንደቀረ ነው።